ግንቡ የማን ነው? የሶልዠኒትሲን «የኢቫን ዴኒሶቪች አንድ ቀን» ሲዳሰስ

ሰው በሌላ ሰው ደወል እየተነሳ፣ በሌላ ሰው ቆጠራ እየተሰለፈ፣ በሌላ ሰው ጭልፋ እየተሰፈረለት ሲኖር የራሱ የሚለው ምን ይቀረዋል? ብዙ የእስር ቤት ታሪኮች ይህን ጥያቄ የሚመልሱት በሁለት ዓይነት ሰዎች ነው፤ እምቢ ብሎ በወደቀ ጀግና ወይም አድሮ ወገኑን በሸጠ ከሃዲ። የሩሲያዊው ደራሲ የአሌክሳንደር ሶልዠኒትሲን አጭር ልቦለድ «የኢቫን ዴኒሶቪች አንድ ቀን» ግን ትኩረቱን ያሳረፈው በመካከል ባለው፣ በቁጥር ከሁለቱም በሚበልጠው ሰው ላይ ነው። ይህ ሰው ትእዛዝ ይፈጽማል፤ ለጠባቂ ቆቡን ያወልቃል፤ ዝም ማለት በሚያዋጣበት ቦታ ዝም ይላል። ማታ ሲተኛ ግን ካምፑ ሊነጥቀው ያልቻለ አንድ ነገር ይዞ ይተኛል። መጽሐፉ ከታተመ ከስድሳ ዓመት በላይ አልፎታል። ዛሬም ሊነበብ የሚገባው ይህን ሰው ሳይሸነግልም ሳይኮንንም ስለሚያሳየን ነው።

ደራሲው የጻፈው በወሬ የሰማውን አልነበረም። በፌብሩዋሪ 1945 (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው) በምሥራቅ ፕሩሲያ ግንባር የመድፈኛ መኮንን ሳለ፣ ለወዳጁ በጻፋቸው ደብዳቤዎች ስታሊንን ነቅፏል ተብሎ ተያዘ፤ ስምንት ዓመትም ተፈረደበት። ከ1950 ጀምሮ በካዛክስታን በሚገኘው የኤኪባስቱዝ ልዩ ካምፕ ታስሮ ግንበኛ ሆኖ ሠራ። ታሪኩን የጻፈው በ1959 በሪያዛን ከተማ መምህር በነበረበት ጊዜ ነው። የመጀመሪያው ርዕስ የዋናው ገጸ ባሕርይ የእስረኛ ቁጥር «ሽቻ-854» ነበር። ገጣሚውና የ«ኖቪ ሚር» መጽሔት ዋና አዘጋጅ አሌክሳንደር ትቫርዶቭስኪ ርዕሱን አስለውጦ፣ ጉዳዩን እስከ ሶቪየት ሕብረት መሪ ኒኪታ ክሩሽቼቭ ድረስ አድርሶና አስፈቅዶ፣ በኖቬምበር 1962 አሳተመው። መጽሔቱ በዚያ ወር ወደ 100 ሺህ በሚጠጋ ቅጂ ወጥቶ ወዲያው አለቀ። እስከዚያ ቀን ድረስ ሚሊዮኖች ኖረውት፣ በአደባባይ ግን እምብዛም ያልተነገረው ጉዳይ በመንግሥት ፈቃድ ታትሞ ወጣ።

ታሪኩ አጭር ነው። በጃንዋሪ 1951 አንድ ቀን፣ ንጋት ላይ በአሥራ አንድ ሰዓት የተንጠለጠለ የባቡር ሐዲድ ቁራጭ በመዶሻ ሲመታ ይጀምራል፤ ማታ መብራት ሲጠፋ ያበቃል። ምዕራፍ የለውም፤ እስረኛው ትንፋሽ የሚሰበስብበት ጊዜ እንደሌለው ሁሉ አንባቢውም የለውም። ኢቫን ዴኒሶቪች ሹኮቭ የገጠር ገበሬ ነው። በጦርነቱ ጊዜ ጀርመኖች ማርከውት አመለጠ፤ አምልጦ ወደ ወገኖቹ ሲመለስ ሰላይ ነህ ተባለ። ካልፈረመ እንደሚገደል፣ ከፈረመ ግን ጥቂት ጊዜ እንደሚኖር አስቦ ፈረመ። የተፈረደበት አሥር ዓመት ሲሆን ስምንቱን ጨርሷል። ትረካው በሦስተኛ መደብ ቢሆንም ቋንቋውና አስተያየቱ የሹኮቭ ናቸው። ደራሲው ከሹኮቭ በላይ የተማረ ሰው ቢሆንም አንድም ጊዜ ከጀርባው ወጥቶ አይሰብክም። የመጽሐፉ ትልቁ የጥበብ ስኬት ይህ መታቀብ ነው።

ካምፑ ሰውን የሚገዛው በጠመንጃና በውሻ ብቻ ቢሆን ኖሮ መጽሐፉ ብዙም አዲስ ነገር አይነግረንም ነበር። ሶልዠኒትሲን አብጠርጥሮ የሚያሳየው ሌላ ዘዴ ነው። እስረኞቹ በጓድ ተከፋፍለዋል፤ የሹኮቭ ጓድ 104ኛው ነው። የዳቦው መጠን የሚወሰነው ጓዱ በሠራው ሥራ መቶኛ ነው። አንዱ ከለገመ የሁሉም ራት ይቀንሳል። ስለዚህ ጠባቂው መጮህ አያስፈልገውም፤ እስረኛው ራሱ ጎረቤቱን ይገፋዋል፣ ይሰድበዋል፣ ይጠብቀዋል። ማታ ከሥራ ሲመለሱ አንድ ሞልዳቪያዊ እንቅልፍ ጥሎት ይጎድላል። ከ400 በላይ ሰዎች በብርድ ቆመው ይጠብቃሉ። ሰውየው ሲገኝ የሚጮሁበት፣ የሚሰድቡት፣ ሊደበድቡት የሚቃጡት እስረኞቹ ናቸው። ጠባቂዎቹንም አብሮ በርዷቸዋል፤ ቁጣው ግን ወደ እነሱ አይዞርም። ተቋሙ ሙሉ በሙሉ የሚያሸንፈው ታሳሪው የጠባቂውን ሥራ በነጻ ሲሠራለት መሆኑን እንዲህ በጥቂት ገጾች ያስረዳ ጽሑፍ ጥቂት ነው።

ሹኮቭ በዚህ ወፍጮ ውስጥ እንዴት ሳይደቅ ይቀራል? ቀድሞ በነበረበት ካምፕ የመጀመሪያው ካቦ ኩዝዮሚን አንድ ትምህርት ሰጥቶት ነበር። በካምፕ የሚጠፉት የሰው ሳህን የሚልሱ፣ በሐኪም ቤት የሚመኩና ለመኮንኑ ጆሮ የሚጠቡ ናቸው። ሹኮቭ ትምህርቱን ይዞታል፤ በሦስተኛው ላይ ብቻ ይከራከራል፤ ጆሮ ጠቢዎች ራሳቸውን ያድናሉና፤ የሚድኑት ግን በሌላው ደም ነው። የእሱ የእምቢታ መሣሪያዎች ሁሉ ጥቃቅን ናቸው። ክር ያለው መርፌ በቆቡ ውስጥ ይደብቃል። ዳቦውን ከፍሎ ግማሹን በፍራሹ ውስጥ ይሰፋዋል። ራሱ የአሉሚኒየም ሽቦ አቅልጦ ማንኪያ ሠርቶ በቦት ጫማው ውስጥ ይይዛል። ብርዱ ምንም ያህል ቢጸና ቆቡን ሳያወልቅ ምግብ አይቀርብም። በሾርባው ውስጥ ብቻውን የሚንሳፈፍ የዓሣ ዓይን አይበላም። ከእነዚህ አንዳቸውም ካምፑን አይጎዱትም። ሆኖም እያንዳንዳቸው «እዚህ ድረስ ያንተ ነኝ፤ ከዚህ ወዲያ ግን የራሴ ነኝ» የሚል ድንበር ያሰምራሉ።

ድንበሩ ምን ያህል ጠባብ እንደሆነ የሚያሳየው የጠዋቱ ፍተሻ ነው። መቶ አለቃ ቮልኮቮይ በዚያ ሁሉ ብርድ ከደንብ ልብስ በታች የተደረበ ልብስ እንዲፈተሽ አዝዞ እስረኞቹ ደረታቸውን ይገልጣሉ። የቀድሞው የባሕር ኃይል መኮንን ቡይኖቭስኪ፣ ካምፑን ገና ሦስት ወር የቀመሰ ሰው፣ ይህን ለማድረግ መብት የላችሁም፣ ሕጉን አታውቁም ብሎ ይጮኻል። የሶቪየት ሰዎች አይደላችሁም፣ ኮሚኒስት አይደላችሁም ብሎም ይጨምራል። መልሱ አሥር ቀን ጨለማ ቤት ነው። ሹኮቭ በዚያን ሰዓት ምንም አይልም። ሌላውም ምንም አይልም። ሁሉም ሰውየው ልክ እንደሆነ ያውቃሉ፤ ልክ መሆን ምን እንደሚያስከፍልም ያውቃሉ። ደራሲው በዚህ ትዕይንት ማንንም አይዳኝም። የቡይኖቭስኪን ድፍረት አያሳንስም፤ የዝምተኞቹንም ብልሃት አያሞካሽም። አንባቢው ግን ከዚህ ገጽ በኋላ የሹኮቭን ብልሃት እንደ ቀድሞው በቀላሉ ሊያደንቅ አይችልም።

ማዕከላዊው ትዕይንት የግንቡ ሥራ ነው፤ የመጽሐፉ ክርክርም ሁሉ እዚያ ላይ ነው። 104ኛው ጓድ ግንባታው የተቋረጠ የኃይል ማመንጫ ሕንጻ ግድግዳ እንዲቀጥል ታዝዟል። ሹኮቭ የራሱን የግንበኛ ማንኪያ ለዕቃ ቤት ከመመለስ ይልቅ እየደበቀ ያቆየዋል፤ ለእጁ የሚስማማ ነውና። ቱንቢውን ይጥላል፤ ክሩን ይወጥራል፤ የተቦካው ሲሚንቶ በብርዱ ሳይደርቅ ብሎኬቱን ደርድሮ ያስተካክላል። ከእሱ በፊት የነበረው ግንበኛ ያጣመመውን መስመር ቀስ በቀስ ያቀናል። የሥራ ማብቂያው ሲደወል ቡኬት ተርፏል። ካቦው ቲዩሪን እንዲደፉት ይነግራቸዋል። ሹኮቭ ግን እየገነባ ይቀጥላል፤ ጠባቂዎቹ ሊቆጡ፣ ጓዱ ሊሰድበው ሲል እንኳ ሮጦ ተመልሶ ግድግዳው ቀጥ ማለቱን ያያል።

ይህ ምንድን ነው? እምቢታ ነው ወይስ መታዘዝ? ክሩሽቼቭ ትዕይንቱን እንደወደደው ይነገራል፤ የሚያስገርምም አይደለም፤ እስረኛ እንኳ በትጋት የሚገነባባት ሶቪየት ሕብረት ለመሪዋ ትጥማለች። በተቃራኒው ብዙ ዓመት በኮሊማ ካምፖች የማቀቀው ደራሲ ቫርላም ሻላሞቭ መጽሐፉ በወጣበት ወር ለሶልዠኒትሲን ረጅም ደብዳቤ ጻፈለት። ሥራውን እጅግ አደነቀ፤ ግን የተገለጸው ካምፕ ቀላል መሆኑን አመለከተ። በሕክምና ክፍሉ አጠገብ ድመት እንዳለች ተጽፏል፤ በሻላሞቭ ካምፕ ድመት ብትገኝ ኖሮ ገና ድሮ ትበላ ነበር። ሾርባው እንደ ውሃ ስለሚጠጣ ማንኪያም አያስፈልግም ነበር። ለሻላሞቭ የግዳጅ ሥራ ምንም የሚሞገስ ነገር የለውም፤ ሰውን የሚገድል እርግማን ነው።

ሁለቱም አንባቢዎች ግማሹን ያዩ ይመስለኛል። መልሱ ጠዋት በተፈጸመ ትንሽ ነገር ውስጥ ተቀምጧል። ሹኮቭ በቅጣት የጠባቂዎቹን ክፍል ወለል እንዲያጥብ ታዝዞ ነበር። ውሃውን እንደነገሩ ደፍቶ ያዳርሰዋል፤ የተረፈውንም አለቆች በሚያልፉበት መንገድ ላይ ይደፋዋል። ለሰው የሚሠራ ሥራ በጥራት፣ ለአለቃ የሚሠራ ግን ለዓይን ብቻ መሆን እንዳለበት ያምናል። እንግዲያው ግድግዳውን በጥራት ሲገነባ ለአለቃ እየሠራ አይደለም ማለት ነው። ሙያውን፣ በገዛ እጁ ያዳበረውን ችሎታ፣ በካምፑ ውስጥ እያስከበረ ነው። ለጥቂት ሰዓት ቁጥሩን ረስቶ ሰው ሆኖ ይውላል። ይህ እምቢታ ነው፤ እውነተኛ እምቢታም ነው።

ሶልዠኒትሲን ግን እዚህ ላይ አያቆምም፤ ታላቅነቱም ይህ ነው። ማታ ቡይኖቭስኪን ወደ ጨለማ ቤት ሲወስዱት፣ ጓዱ ያንን ቤት በደንብ እንደሚያውቀው እንረዳለን። ግድግዳው ድንጋይ፣ ወለሉ ሲሚንቶ፣ መስኮት የሌለው ያ ቤት የተገነባው በራሱ በ104ኛው ጓድ እጅ ነው። አሥር ቀን በዚያ ያደረ ሰው ዕድሜ ልኩን በሳንባ በሽታ ይሰቃያል። ደራሲው ይህን በአንድ ዓረፍተ ነገር ያልፈዋል፤ አስተያየትም አይሰጥበትም። እኔ ግን መጽሐፉን ለሁለት የሚከፍለው ይህ ዓረፍተ ነገር ነው እላለሁ። ቀጥ ያለው ግንብ የሹኮቭ ክብር ነው፤ ቀጥ ያለው ግንብ የቡይኖቭስኪ መቃብርም ሊሆን ይችላል። ያው እጅ፣ ያው ቱንቢ፣ ያው ጥራት። ፀጥ ያለ እምቢታ የሰውን ውስጥ ያድናል፤ ውጪውን ግን ለተቋሙ ይተውለታል። ተቋሙም የሚፈልገው ውጪውን ነው።

ዋጋውን የሚከፍሉ ሌሎችም አሉ። በምሳ ሰዓት ሹኮቭ ግርግሩን ተጠቅሞ ወጥ ቤቱን በማታለል ሁለት ተጨማሪ ሳህን ገንፎ ያወጣል፤ አንባቢ ደስ ይለዋል። ግን ገንፎው ከሰማይ አልወረደም፤ ተሰፍሮ የመጣ ነውና የሆነ ጓድ ሁለት ሳህን ይጎድለዋል። ፌቲዩኮቭ የተባለው የቀድሞ ባለሥልጣን ትርፍራፊ እየለቀመ፣ ሲጋራ እየለመነ፣ ሳህን እየላሰ ሲዋረድ ሹኮቭ ይጸየፈዋል። ማታ ተደብድቦ ሲያለቅስ ሲያየው ግን ያዝንለታል፤ እንደማይዘልቅ ያውቃል። መጽሐፉ በዚህች ጥቂት መስመር ርኅራኄ ራሱን ከጭካኔ ያድናል።

ሶልዠኒትሲን ከሹኮቭ ጎን ሌሎች መንገዶችንም አስቀምጧል። ባፕቲስቱ አልዮሻ የሐዲስ ኪዳን ክፍሎችን በእጁ ገልብጦ በግድግዳ ስንጥቅ ውስጥ ይደብቃል፤ በየፍተሻው አልተገኘበትም። እስር ለነፍሱ ጊዜ ስለሰጠው ደስተኛ ነው። ሹኮቭ ያከብረዋል፤ ነገር ግን አይከተለውም። ሌላው እስረኛ ፄዛር ከቤቱ ስንቅ ስለሚመጣለት ለአለቆች ጉቦ ሰጥቶ ቢሮ ውስጥ ይሠራል፤ ውጪ ሰዎች ሲበርዳቸው እሱ ስለ ፊልም ጥበብ ይከራከራል። ከሁሉም በላይ የሚታወሰው ግን በመመገቢያ አዳራሹ ለአንድ ገጽ ያህል ብቻ የሚታየው ቁጥሩ ዩ-81 የሆነው ሽማግሌ ነው። ስንት ዓመት እንደታሰረ የሚቆጥርለት የለም። ጥርስ የለውም፤ ጸጉር የለውም። ሌሎች በሳህናቸው ላይ ሲያጎነብሱ እሱ ወገቡን አቅንቶ ማንኪያውን ወደ አፉ ያነሳል። ዳቦውንም በቆሸሸው ገበታ ላይ ሳይሆን ታጥቦ በተጠቀለለ ጨርቅ ላይ ያኖራል። አንድ ቃል ሳይናገር ሹኮቭ ገና ያልደረሰበትን ከፍታ ያሳየናል።

ስለ እንዲህ ዓይነት ተቋማትና ስለ ድብቅ እምቢታ የጻፉ ምሁራንም አሉ። ኧርቪንግ ጎፍማን በዋሽንግተን የሚገኘውን የቅድስት ኤልሳቤጥ የአእምሮ ሆስፒታል ከ1955 እስከ 1956 ከውስጥ አጥንቶ በ1961 ባወጣው መጽሐፍ፣ ሕሙማኑ ከደንቡ ሥር ሌላ ስውር ኑሮ እንደሚገነቡ አሳይቷል። ጄምስ ስኮትም በ1990 ስለ ደካሞች ድብቅ እምቢታ የጻፈውን መጽሐፍ የከፈተው ከኢትዮጵያ በተገኘ ምሳሌያዊ አነጋገር ነው፤ ብልህ ገበሬ ታላቅ ጌታ ሲያልፍ ዝቅ ብሎ እጅ እየነሳ በዝምታ የሚፈሳበት። ሁለቱም ጠቃሚ ናቸው። ነገር ግን ጥናት ሊያደርገው የማይችለውን ልቦለዱ ያደርጋል፤ የዝምታውን ዋጋ በማን ሳህንና በማን ሳንባ ላይ እንደተጻፈ ያሳያል።

መጽሐፉ ጉድለት የለውም አልልም። ለተማሩ እስረኞች የሚሰጠው ፍርድ አንዳንዴ ጠንከር ይላል፤ ፄዛር ከሹኮቭ ያነሰ ሰው እንዲመስል ተፈልጓል። የሹኮቭ ደህንነት በአብዛኛው የተንጠለጠለው በካቦው በቲዩሪን ደግነት ላይ ነው። የቲዩሪን ብልሃት ደግሞ የሥራ ሪፖርቱን ለጓዱ እንዲመች አድርጎ ማስጻፍ ነው። ካቦው ክፉ ቢሆንስ? ታሪኩ ይህን አይፈትንም። ሻላሞቭ የነገረንን የከፋውን ካምፕ አለማሳየቱም እውነት ነው። ይህ ግን ምርጫ እንጂ ስሕተት አይደለም። ደራሲው የመረጠው ከመከራ ቀናት ሁሉ መልካሙን ቀን ነው፤ ሹኮቭ ሲተኛ ቀኑ ደስ የሚል ሆኖለታል። መልካሙ ቀን ይህን ከመሰለ፣ ከአሥር ዓመት ፍርዱ 3,653 ቀናት ሌሎቹ ምን እንደሚመስሉ አንባቢው ይገምታል።

ሌላው ሊሰመርበት የሚገባ ነገር፣ በመጽሐፉ ውስጥ ከግል ብልሃት ያለፈ እምቢታ አንድ ጊዜ ብቅ ማለቱ ነው። የሥራ ተቆጣጣሪው ዴር፣ እስረኞቹ መስኮት ለመጋረድ የወሰዱትን ሬንጅ የተቀባ ወረቀት አይቶ ቲዩሪንን በአዲስ ፍርድ ያስፈራራዋል። የጓዱ ሰዎች አካፋቸውን እንደያዙ ይጠጉታል። ዴር ይደነግጣል፤ ድምፁም ይለወጣል። ፍተሻው ላይ ለቡይኖቭስኪ ዝም ያሉት ሰዎች እዚህ አልዘመቱም፤ ግን አብረው ቆመዋል፤ አለቃውም ፈርቷል። ሶልዠኒትሲን ይህን ዘር ሲዘራ ያውቅ ነበር። ታሪኩ ከተፈጸመበት ጊዜ አንድ ዓመት በኋላ፣ በጃንዋሪ 1952፣ በኤኪባስቱዝ እስረኞች ሥራና ምግብ እምቢ ብለው ተነሡ፤ እሱም ከመካከላቸው ነበር። በ1954 ደግሞ በዚያው በካዛክስታን በኬንጊር ካምፕ እስረኞች ለ40 ቀን ካምፑን ይዘው ቆይተው በታንክ ተደመሰሱ። ዝምታ የመጨረሻ ቃል አልሆነም።

መጽሐፉ ራሱ ብዙ አልቆየም። ክሩሽቼቭ ከወረደ በኋላ የካምፕ ጽሑፍ እንደገና ተዳፈነ፤ ደራሲው በ1970 የኖቤል ሽልማት ተሰጠው፤ በ1974 ከሀገሩ ተባረረ፤ ሥራዎቹም ከቤተ መጻሕፍት እንዲወጡ ታዘዙ። ዛሬ ግን ያለ ፈቃድ ይነበባል።

ብይኔ ይህ ነው። «የኢቫን ዴኒሶቪች አንድ ቀን» ዝምተኛ እምቢታን የሚያከብር፣ ነገር ግን እሱን ብቻ በቂ ነው ብሎ የማያታልል ታላቅ ሥራ ነው። ሰው በራሱ ክብር ብቻ ሊተርፍ እንደሚችል ያረጋግጣል፤ ወገኑን ለማዳን ግን ያ ክብር ከሌላው ጋር መቆም እንደሚፈልግ ያስገነዝባል። በማናቸውም ቁጥጥር በበዛበት ቤት፣ በማደሪያም ሆነ በሥራ ቦታ፣ ውስጥህን ጠብቀህ የምትኖር አንባቢ ሆይ፣ መጽሐፉን አንብበው፤ ካነበብክም በኋላ በገዛ እጅህ የምትገነባው ግንብ ማንን እንደሚያስር ሳትጠይቅ ሥራህን አትቀጥል።